የመጨረሻዋ እንዚሪት

ድዳው ጉም ከጨው ሐይቅ የተነሣው በጠራራ ፀሐይ ነበር። የሸርዳን ሰዎች ደጃቸው ላይ ቆመው አዩት፤ አንዳቸውም ግን ቃል አልተነፈሱም። የሞተው ንጉሥ ሐዘን አልወጣምና መናገር ነውር ነበር። በሸርዳን ለሞተ ሰው አይለቀስም፤ እጅን አፍ ላይ ጭኖ ዝም ማለት ነው ወጉ። ጉሙ የነካው ሁሉ ከእግሩ ጀምሮ ጨው እየሆነ ሲሄድ እንኳ፣ ያ ጨዋ ሕዝብ አፉን እንደያዘ ቆመ።

ጉሙን ለዘመናት ሐይቁ ላይ ያገዱት እንዚሪቶች ነበሩ። እንዚሪት የአውራ ጣት ጥፍር የምታህል፣ ክንፏ እንደ ተወለወለ መዳብ የሚያበራ በራሪ ነፍሳት ናት። በከተማይቱ መካከል፣ የአንዲቷን ዜማ እንኳ ለሁሉ እንዲያደርስ ተደርጎ በተሠራው ማማ ውስጥ ሲዘምሩ ጉሙ ይሸሻል። ንጉሥ ሲሞት ግን እነርሱም ይዘኑ ተብሎ በጭስ ይተኛሉ። ለቀድሞዎቹ ነገሥታት ጥቂት ቀን ይበቃ ነበር። አዲሱ ንጉሥ ዘርሐን፣ በአባቱ ሞት ደስ አለው እንዳይባል ፈርቶ፣ ሐዘኑን ወር አስቆጠረው። ማማው ሲከፈት እንዚሪቶቹ እንደ ገለባ ረግፈው ተገኙ።

ሰረኔት እናቷን ከጉሙ ጎትታ ስታወጣት ጨው ጉልበቷ ደርሶ ነበር። በየዕለቱም ወደ ላይ ይወጣ ጀመር። ልጅቷም ንጉሡ ፊት ቀርባ እንዲህ ስትል ማለች፦

«ከጨው ሜዳው ማዶ፣ በራሞት ተራራ የዱር እንዚሪት አለች ይባላል። በእናቴ ጉልበት እምላለሁ፤ ሳላገኛት አልመለስም። ካልተመለስኩም ማንም አይፈልገኝ።»

ንጉሡ ዐይኑን ሰበረ። ሌላው መኳንንት ሁሉ ጫማውን ሲያይ፣ የእናቷ ወንድም ባርሳን ወደ ፊት ወጡ። ማማውን በጭስ ያጠኑት እርሳቸው ነበሩ።

«ጭሱን ያጨስኩት እኔ ነኝ» አሉ። «ታዝዤ ነው ብዬ ራሴን አላታልልም። ብቻዋን አትሄድም።»

መንገዱን መተረክ ልብ ያደክማል። ስንቃቸው አለቀ፣ በቅሏቸው ሞተች፣ ተስፋቸውም ከበቅሏ በኋላ ብዙ አልሰነበተም። ራሞት ሲደርሱ ያገኙት የሞተ መንጋ ነበር። በዓለት ስንጥቅ ውስጥ ግን አንዲት ብቻ በብርድ ትንቀጠቀጥ ነበር።

ባርሳን በእጃቸው ሳይነኳት ጎንበስ ብለው አይዋት።

«ከቤቷ ከወጣች የሚያሞቃት የሰው ጆሮ ብቻ ነው» አሉ። «ታዲያ መስማትሽን በልታ ትጨርሰዋለች፣ ልጄ። በእኔ ጆሮ ብትገባ በወደድኩ። ወር ሙሉ ታጥኜ በላዬ የቀረው ጭስ ግን ይገድላታል።»

«ሌላስ ምን ትፈልጋለች?» አለች ሰረኔት።

«ድምፅ። ሰው ሲናገር ትዘምራለች፤ ዝም ካሏት ትተኛለች፣ ዝምታው ከረዘመባትም አትነሣም። እነዚያን የገደላቸው ጭሴ ብቻ ይመስለኝ ነበር። ጭሱ አስተኛቸው እንጂ የገደላቸውስ ዝምታችን ነው።»

ሰረኔት ፈራች፤ ቢሆንም ጆሮዋን አዘነበለች።

ሲመለሱ ጉሙ ሜዳውን ሞልቶ ጠበቃቸው። በሰው ጆሮ ያለች እንዚሪት ዜማዋ ከተሸካሚዋ ሌላ ማንንም አይከልልም። ይህን ሁለቱም ያውቁ ነበር፤ ሁለቱም አላነሡትም። ባርሳን ከኋላዋ እየተራመዱ ወሬ ጀመሩ። እናቷ በልጅነቷ የጎረቤት ዱባ ሰርቃ፣ ዱባው ከብዷት መንገድ ላይ ተቀምጣ እንዳለቀሰች አወሩላት። ሰረኔት ሳቀች። ቀጥሎ ስለ ሰርጋቸው አወሩ፤ ድምፃቸው ግን እየቀጠነ ሄደ።

«አጎቴ፣ ጮክ ይበሉ። ጆሮዬ እየደከመ ነው።»

መልስ ቢኖርም አልሰማችም። ዝም ካለች እንዚሪቷ ትተኛለችና ራሷ እያወራች ሄደች፤ የገዛ ድምፅዋም ጠፋባት። ከጉሙ ወጥታ ጉብታው ላይ ስትደርስ ዞረች። ባርሳን ከሩቅ ነጭ ሆነው ቆመዋል፤ አፋቸው እንደተከፈተ ነበር። ቀድሞ የጠፋው ጆሮዋ ይሁን ድምፃቸው እስከ ዛሬ አታውቅም።

ከተማ ስትገባ ጨው የእናቷን ወገብ አልፎ ነበር። አራት ሰዎች እናቲቱን ተሸክመው ማማው ሥር አምጥተዋታል። ሰረኔት እንዚሪቷን ከጆሮዋ አውጥታ በማማው መስኮት ላይ አኖረቻት። የእናቷ ከንፈር ሲንቀሳቀስ አየች፤ የወንድሟን ስም እየጠራች ነበር።

«ቀርተዋል» አለች ሰረኔት።

እናቷ እጇን አፏ ላይ ጫነች። ንጉሡም ጫነ፤ ሕዝቡም ሁሉ ጫነ። መስኮቱ ላይ የመዳብ ክንፎቹ ቀስ በቀስ ታጠፉ፤ ጉሙም የማማውን ደረጃ መላስ ጀመረ።

ሰረኔት ተንበርክካ የእናቷን እጅ ያዘች።

«እማዬ፣ አጎቴ ጨው ሆነው እስኪያልቁ ድረስ ዝም አላሉም። ወጉ ይቅር። እጅሽን አንሺና ጮኸሽ አልቅሺላቸው።»

እናቷ ራሷን ነቀነቀች፤ በሸርዳን እንዲህ ያለ ነገር ታይቶ አያውቅም። ሰረኔት እጇን በግድ ከአፏ አላቀቀችው። የእናቷ ደረት ተነሣ፣ አፏ ተከፈተ፣ የአንገቷ ሥር ተገተረ። ከኋላ አንዲት አሮጊት አፏን ከፈተች፤ ከዚያ ሌላው፣ ከዚያ ንጉሡ። ክንፎቹ ተዘረጉ። ጉሙም ወደ ሐይቁ ተመለሰ።

ጨው የሆነው ሁሉ ጨው ሆኖ ቀረ፤ እናቷም ከወገቧ በታች አልዳነችም። ሰረኔት በዚያ ሁሉ ለቅሶ መካከል ምንም ሳትሰማ የእናቷን አፍ ትመለከት ነበር።

«ድምፅሽ እየወጣ ነው፣ እማዬ?» ብላ ጠየቀቻት።