ከጋሽ ብልጭታ በኋላ የበራው አምፖል

«ወንድሜ አልሞተም! አሁን አበራልኝ!»

ሴትዮዋ ይህን እየጮኸች ስትገባ ወንድሟ ወለሉ ላይ በነጭ አንሶላ ተሸፍኖ ነበር። ቀኑ ረቡዕ ነው። መርማሪዋ ከሬሳው አጠገብ እንደተንበረከከች ቀና አለችና መጀመሪያ ሴትዮዋን፣ ቀጥሎ የእጅ ሰዓቷን አየች፤ ከቀኑ ስድስት ሰዓት ከሁለት ደቂቃ። ባልደረቦቿ «አይቸኩሌ» ይሏታል። ሰው ሲያለቅስ ሰዓት የምታይ ሴት ናት፤ ጨካኝ ሆና አይደለም፣ በለቅሶ መሀል ሰዓቱን ሁሉም ሰው ስለሚረሳው ነው።

«ምኑ ነው የበራልዎት፣ እትዬ?»

«አምፖሉ ነዋ! ሰማያዊው! እሱ ራሱ ቁልፉን ካልነካ መቼ ይበራል?»

ከዚያ ከአንሶላው ጫፍ የወጣውን እግር አየችው። ካልሲው ተረከዙ ላይ የተደረተ ነበር፤ የደረተችውም እሷ ናት። እዚያው በሩ ላይ ዘጭ ብላ ተቀመጠች። አንገቷ ላይ የተንጠለጠለው የልብስ ሰፊ ሜትር ወለሉን ነካ።

ሟቹ ጡረታ የወጣ የሬዲዮ ጠጋኝ ነበር። ሰፈሩ «ጋሽ ብልጭታ» ይለዋል። ሥራ ከፈታ ወዲህ ማይክሮኮንትሮለር የሚባሉትን የክብሪት ቀፎ የሚያህሉ ሰሌዳዎች ሙጭጭ ብሎ ያዘ፤ በኮምፒውተር የጻፉላቸውን ትእዛዝ ይዘው ያንኑ ሲሠሩ የሚውሉ ናቸው። የውሃው በርሜል ሲሞላ አምፖል ብልጭ ይላል፤ በር ሲንኳኳ ብልጭ ይላል፤ ወተት ሊገነፍል ሲል ብልጭ ይላል። ወተቱን የሚጠጣው ግን ብቻውን ነበር፤ በሩንም የሚያንኳኳው ብዙ ሰው አልነበረም። እንዲህ ያለ ሰው ሞቶ ለቀናት ሳይታወቅ ቢቀር ማንም አይገረምም። እኔን ግን አንጀቴን ይበላኛል።

የራስ ቅሉ ከኋላ ተሰብሯል። የሥራ ጠረጴዛው ላይ የታሰረው ሞርሳ፣ ዕቃ ነክሶ የሚይዘው ብረት፣ ጠርዙ ላይ ደም ደርቆበታል። አዳልጦት ወድቆም ሊሆን ይችላል። ሐኪሙ «ከሞተ ከሁለት እስከ አራት ቀን፤ ክፍሉ ቀዝቃዛ ነው፣ ከዚህ በላይ አታስጨንቂኝ» ብሎ ሄደ። አይቸኩሌ ግን የሟቹን እጆች አገላብጣ አየች። የእጅ ሰዓቱን ያሰረው ቀኝ እጁ ላይ ነው፤ ፀሐይ ያልነካው የማሰሪያ ምልክት ያለው ግን ግራው ላይ። ሌላው ነገር ጠረጴዛው ላይ ነበር፤ አንድ ቁልፍና አንድ ሰማያዊ አምፖል ያላት ሰሌዳ፣ በኤሌክትሪክ እንደተሰካች። ማንም ሳይነካት መንገዱን ተሻግራ ለእህቱ ምልክት የላከችው እሷ ናት።

ልብስ ሰፊዋ እህቱ የምትኖረው ከጠባቡ መንገድ ማዶ፣ ትይዩ ካለው ሕንፃ ሁለተኛ ፎቅ ላይ ነው። የሷ አምፖል ከስፌት መኪናዋ አጠገብ፣ መስኮቱ ላይ ተቀምጧል።

«ሰባት ወር ተኳርፈን ነበር» አለች። «ባሌ የሞተ ዕለት ዘግይቶ መጣ፤ ሽቦ ሲበይድ ሰዓቱ አልፎበት! እኔም ‹ከእንግዲህ ከሽቦህ ጋር ኑር› አልኩት። በሳምንቱ ይቺን በሬ ላይ አገኘኋት፤ ወረቀትም አለባት።»

ወረቀቱን ከመርፌ ሣጥኑ አወጣችው። «ጠዋት ስነሣ ቁልፌን እነካለሁ፤ ያንቺ ይበራል፣ በሕይወት መኖሬን ታውቂያለሽ። የታረቅሽኝ ዕለት ያንቺን ንኪው፣ የኔ ይበራል» ይላል።

«ነኩት?»

«እልህ ምላጭ ያስውጣል፣ ልጄ። ሰባት ወር አልነካሁትም። ትናንት ማክሰኞ ግን፣ እንጃ ምን እንዳደረገኝ፣ ሲበራልኝ ተነሥቼ ነካሁት።» የመርማሪዋን እጅ ጨበጠች። «አይቶታል አይደል? ማክሰኞ በሕይወት ነበር፤ ታርቀን ነው የሞተው፣ አይደል?»

አይቸኩሌ ማስታወሻዋን ገለጠች። «በስንት ሰዓት በራ?» አለች።

«ልክ በአሥራ ሁለት፣ ሬዲዮው ዜና ሲጀምር። ሰኞም ልክ በአሥራ ሁለት። ድሮ አንዴ ቀድሞ አንዴ አርፍዶ ነበር። የጠዋት ሰነፍ ነበር፣ ወንድም ዓለም።»

መርማሪዋ ጻፈችው።

ሬሳውን ያገኘው የኤሌክትሮኒክስ ዕቃ የሚሸጠው ሰውዬ ነው። የታዘዘ ዕቃ ሊያደርስ መጥቶ በሩ ቢዘጋበት አከራዩን ጠርቶ አስከፈተ። ጢሙ እስኪርስ አልቅሷል።

«እዚህ ሰፈር ይህን ፕሮግራም የምንጽፍ ሦስት ነን» አለ። «ጋሼ፣ እኔና ፎቅ ላይ ያለው አስተማሪ። ሁለታችንንም ያስተማረን ጋሼ ነው።»

«ሰሌዳዋ ሰው ሳይነካት በራሷ እንድትልክ ማድረግ ይቻላል?»

«የልጅ ሥራ! ግን ሰዓት አታውቅም። ከተሰካችበት ጀምራ ትቆጥራለች እንጂ። መብራት ሄዶ ሲመጣ ሁሉን ረስታ ከዜሮ ትጀምራለች። ለዚህ እኮ ነው ጋሼ ‹መብራት ይሄዳል ብላችሁ ጻፉ› እያለ ጆሯችንን ያደነቆረው። ባትሪ ያለው ሰዓት ካልጨመርክበት ሥራህን ዞሮም አያይልህ።»

«ሰሞኑን መብራት ሄዶ ነበር?»

«ማክሰኞ ከሰዓት ሄዶ ከምሽቱ አምስት ላይ መጣ። መብራት በመጣ ቁጥር የሱቄ ደወል ይጮኻል፤ ሰፈሩ ሁሉ ነቅቶ ሰድቦኛል።»

«እሑድ ከሰዓት የት ነበሩ?»

«እናቴ ሆስፒታል ተኝታለች። ከስምንት እስከ አንድ ሰዓት አጠገቧ ነበርኩ፤ በረኛው መዝግቦኛል።» ጢሙን ጠርጎ «ለምን እሑድ?» አለ። አይቸኩሌ ግን ተነሥታ ነበር።

አስተማሪው ሐሙስ ጠዋት ከሌላ ከተማ ተመለሰ። የፈጠራ ኤግዚቢሽን ላይ አንደኛ ወጥቶ ዋንጫ ይዟል። ዜናውን ሲሰማ ዋንጫውን ደረጃው ላይ አስቀምጦ ፊቱን በሁለት እጁ ሸፈነ።

«መቼ ነው ያዩት?» አለችው መርማሪዋ።

«ቅዳሜ። ሰኞ ገና ከሌሊቱ በአሥራ አንድ ሰዓት አውቶቡስ ላይ ነበርኩ።»

«እሑድስ?»

«ቤቴ ሻንጣ እያዘጋጀሁ።»

«ብቻዎን?»

«እዚህ ሕንፃ ውስጥ ሁሉም ብቻውን ነው፣ ኢንስፔክተር።»

«እርስዎም ሰሌዳ ላይ ባትሪ ያለው ሰዓት ይጨምራሉ?»

ፈገግ አለ። «እሱ የሽማግሌ ፍርሃት ነው። ኤግዚቢሽን ላይ መብራት አይሄድም።»

«ያሸነፉበት ሥራ ምንድን ነው?»

«ብቻውን የሚኖር ሰው ሲወድቅ ለዘመድ የሚናገር አምባር። እጅ ላይ ይታሰራል።»

«ነገ ይዘውት ይምጡ፤ እኔም እንደርስዎ ብቻዬን ነኝ የምኖረው» አለችው። እሷ ስትቀልድ ማንም አያውቅባትም።

ዓርብ ከሰዓት ሁሉም በሟቹ የሥራ ክፍል ተሰበሰቡ። ወንበር ያለው አንድ ብቻ ነው፤ ጋሽ ብልጭታ ሁለተኛ ወንበር አስፈልጎት አያውቅም። ልብስ ሰፊዋ ተቀመጠችበት። ባለሱቁ ግድግዳ ተደገፈ፣ አስተማሪው መስኮቱ ጋ ቆመ፣ በሩ ላይ አንድ ፖሊስ አለ። ጠረጴዛው ላይ ሁለቱ አምፖሎች ጎን ለጎን ተቀምጠዋል።

«ረቡዕ በስድስት ሰዓት ጋሽ ብልጭታ እዚህ ተኝቶ አምፖሉ በራ» ብላ ጀመረች። «የሞተ ሰው ቁልፍ አይነካም። ስለዚህ ሰሌዳዋ ላይ ያለው ፕሮግራም የሱ አይደለም። ሌላ ሰው ሌላ ጭኖባታል፤ ሰኞና ማክሰኞ ‹ጋሽ ብልጭታ አለ› እንድትል።»

«ከሰሌዳ ውስጥ ፕሮግራም መልሶ ማንበብ ቀላል አይደለም» አለ አስተማሪው።

«እኔም አላነበብኩም። ሰዓት ነው የቆጠርኩት። ማክሰኞ ከምሽቱ አምስት ሰዓት መብራት ሲመጣ ሰሌዳዋ ከዜሮ ጀመረች። ረቡዕ ቀን በስድስት አበራች። በመሀል ስንት ሰዓት አለ?»

ባለሱቁ በጣቱ ቆጠረ። «አሥራ ሦስት።»

«አሥራ ሦስት። ላረጋግጥ ብዬ ትናንት ነቅዬ ሰካኋት፤ ቁጭ ብዬ ጠበቅኋት፤ ልክ በአሥራ ሦስት ሰዓቷ በራች። ከዚያ በኋላ በየሃያ አራት ሰዓቱ ትደግማለች፤ ማክሰኞም በአሥራ ሁለት የበራችው ለዚህ ነው። እንግዲህ ሰኞ ጠዋት በአሥራ ሁለት ያበራችው፣ አሥራ ሦስት ሰዓት ወደኋላ ቢቆጠር መቼ ተሰካች ማለት ነው?»

ባለሱቁ እንደገና ጣቶቹን ዘረጋ።

«እሑድ ከቀኑ አሥራ አንድ ሰዓት» አለ ባለሱቁ ቀስ ብሎ።

«እሑድ አሥራ አንድ ሰዓት ላይ አንድ ሰው እዚህ ጠረጴዛ ላይ ተቀምጦ ነበር፤ ጋሽ ብልጭታ ከእግሩ ሥር ወድቆ። እትዬ ይህን መጻፍ አይችሉም። እርስዎ» አለች ወደ ባለሱቁ ዞራ፣ «ሆስፒታል ነበሩ፤ መዝገቡን አይቻለሁ። ደግሞም መብራት እንደሚሄድ አይረሱም። የረሳው መብራት በማይሄድበት ቦታ ማሳየት የለመደ ሰው ነው። ሲሮጡ የታጠቁት ሲሮጡ ይፈታል፣ መምህር።»

«ይኼ ማስረጃ አይባልም!»

«አይባልም። አምባሩን ለእትዬ ስጣቸው።» ከ«እርስዎ» ወደ «አንተ» የወረደችው ድምፅዋን ሳትቀይር ነው።

ልብስ ሰፊዋ አምባሩን ተቀብላ እንደ ልማዷ ውስጡን ገለበጠችው፤ ልብስ ሰፊ መቼ በውጭው ያምናል? አውራ ጣቷ ስፌቱ ላይ ቆመ።

«ይኼ የኔ እጅ ነው» አለች። «ጫፉን ሦስቴ መልሼ ነው የምሰፋው። ክሩ ከባሌ የመጨረሻ ኮት የተረፈ ነው። ወንድም ዓለም ‹ለግራ እጄ ስፊልኝ› ብሎኝ የሰፋሁለት ነው። ከመኳረፋችን በፊት።»

አስተማሪው መስኮቱን ያዘ። «ልገድለው አላሰብኩም» አለ። «በኔ ስም ላስመዝግበው አልኩት። ‹ለእህቴ የሠራሁት ነው፣ ለዋንጫ አይደለም› ብሎ ከእጄ ሊቀበለኝ ሲል ገፋሁት። መግፋት ብቻ ነው።»

«ሐኪሙ ትናንት የጻፈውን ልንገርህ? ከወደቀ በኋላ አንድ ሰዓት ያህል ነፍሱ ነበረች። ያን ፕሮግራም ጽፈህ ለመጫን ስንት ፈጀብህ?»

አስተማሪው ዓይኑን ወደ ሞርሳው ላከ። ፖሊሱ ክንዱን ይዞ ሲያስወጣው ባለሱቁ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ።

ልብስ ሰፊዋ ከወንበሩ አልተነሣችም።

«እንግዲያ ማክሰኞ» አለች፣ «ማክሰኞ የታረቅሁት ከማን ጋር ነው?»

ይህን ጥያቄ ማን ይመልሳል? ያ ወጣት የወሰደው የሽማግሌውን ነፍስ ብቻ አልነበረም። አይቸኩሌ በዚያን ጊዜ ሰዓቷን አላየችም። ከኪሷ አንድ ደብተር አውጥታ ሴትዮዋ ጉልበት ላይ አኖረችው። ጋሽ ብልጭታ ሥራውን ሁሉ የሚመዘግብበት ነው። ሰባት ወር ሙሉ፣ በየቀኑ፣ አንድ ዓይነት መስመር አለው፤ «አበራሁ። መልስ የለም። ከመስኮቷ አላነሣችውም።»

«ያየው ነበር?» አለች ሴትዮዋ። «መስኮት ላይ ያስቀመጥኩት እኮ እንዲያየው ብዬ ነው።»

የመጨረሻው መስመር የእሑድ ነው። «አበራሁ። መልስ የለም። ግን ጣቷን ወደ ቁልፉ ልካ መለሰችው። ቀርባለች። አልቸኩልባትም።»

ሴትዮዋ ደብተሩን ደረቷ ላይ አስጠግታ ድምፅ አውጥታ አለቀሰች። ማንም ተይ አላላትም።

ፍርዱ ተሰጥቶ ዕቃው የተመለሰ ዕለት፣ ልብስ ሰፊዋ አንድ ነገር ብቻ ለመነች። ባለሱቁም የጋሽ ብልጭታን የመጀመሪያ ፕሮግራም ከደብተሩ ገልብጦ ሰሌዳዋ ላይ መልሶ ጫነላት። እሷ የራሷን አምፖል ይዛ መንገዱን ተሻገረች። አይቸኩሌ የክፍሉን ቁልፍ ለአከራዩ ለማስረከብ ብቻዋን ቀረች።

መጋረጃውን ልትዘጋ ስትል ጠረጴዛው ላይ ሰማያዊው አምፖል በራ። ከመንገዱ ማዶ፣ ከስፌት መኪናው አጠገብ፣ ልብስ ሰፊዋ ጣቷን ቁልፉ ላይ አድርጋ ወደዚህ ታያለች።

መርማሪዋ እጇን ወደ ጋሽ ብልጭታ ቁልፍ ላከችና መለሰችው። በሱ ስም አንዴ ሌላ ሰው አብርቶ ነበር፤ እሱ ይበቃል። አምፖሉ እስኪጠፋ ድረስ መስኮቱ ላይ ቆማ ቆየች፤ ማዶ ያለችውም እንዲሁ።