ስኮርታው ወርዋሪ

በ1959 ዓ.ም. በኅዳር ወር አንድ ሐሙስ፣ ከትምህርት መልስ፣ ዲላ ውስጥ በአቶ ኡስማን የቡና መጋዘን የነበሩት ሦስት ሰዎች ናቸው፤ የአቶ ኡስማን ልጅ ዘይኑዲን፣ የክፍል ጓደኛው ታረቀኝ፣ እና በራፉ ላይ ጋቢውን ተከናንቦ እንቅልፍ የወሰደው ዘበኛ። ስለዚህ ጆንያው ሲወድቅ ያየው ታረቀኝ ብቻ ነበር።

ጆንያው ጀንፈል፣ ገና ያልተፈለፈለ ደረቅ ቡና፣ የሞላ ነው። ዘይኑዲን ከክምሩ አናት ላይ ጎትቶ በትከሻው ሊቀበለው ሲል አመለጠውና ቀኝ ክንዱን ወደ ኋላ ጠምዝዞት ወረደ። ዘይኑዲን አልጮኸም። መሬቱ ላይ ቁጭ ብሎ ከንፈሩን ነከሰ። ታረቀኝ ጆንያውን ገፍቶ ሲያነሳለት የጓደኛው ፊት አመድ መስሎ ነበር።

«ተሰበረ እንዴ?»

«ምን ይሰበራል! ቀስ በል፤ ዘበኛው ይነቃል።»

«እስቲ ክንድህን ወደ ላይ አንሳው።»

ዘይኑዲን አነሳ። ትከሻው ጋ ሲደርስ ግን ክንዱ እምቢ አለ። በግራ እጁ ደግፎ መልሶ አወረደው።

«ታዲያ ቅዳሜ እንዴት ልትወረውር ነው?» አለ ታረቀኝ።

«እወረውራለሁ።»

ቅዳሜ የይርጋለም ተማሪዎች የሚመጡበት ቀን ነው። የሒሳብ አስተማሪያቸው ሚስተር ዶብስ፣ በፒስ ኮር ከአሜሪካ የመጣው ረጅም ሰው፣ ቤዝቦል የሚባለውን ጨዋታ ካስጀመራቸው ዓመት ሊሞላ ነው። አንዱ ኳሷን ይወረውራል፤ የተቃራኒው ቡድን መቺ በዱላ ሊመታት ይሞክራል። ሦስት ጊዜ ከሳተ ይወጣል። ወርዋሪው በበኩሉ አራት ጊዜ አበላሽቶ ከወረወረ መቺው በነፃ አንደኛው ማረፊያ ላይ ሄዶ ይቆማል። ሦስቱን ማረፊያዎች ዞሮ ወደ ተነሳበት የተመለሰ ነጥብ ያስቆጥራል። የዲላ ማረፊያዎች የቡና ገለባ የተጠቀጠቀባቸው ጆንያዎች ናቸው፤ ዱላውን ደግሞ አናጢ ከዋንዛ ጠርቦላቸዋል።

በዚህ ጨዋታ የዲላ ኩራት ዘይኑዲን ነበር። ኳሷ ከእጁ ስትወጣ ድምፅ አላት። ታረቀኝ ያን ያህል ፍጥነት የለውም፤ ነገር ግን በትውልድ መንደሩ በጨለለቅቱ፣ በአባቱ የበቆሎ ማሳ፣ ጦጣ በድንጋይ ሲያባርር ያደገ ልጅ ስለሆነ ያሰበበት ቦታ ይጥላታል። ሚስተር ዶብስም ተተኪ ወርዋሪ አድርጎታል፤ ዘይኑዲን ሲደክመው የሚገባ። ኳስ ያዡ ሽብሩ ይህን እንደሰማ ስም አወጣለት፤ «ስኮርታ»። ከጭነት መኪና ሥር ታስሮ አቧራ የሚጠጣው ትርፍ ጎማ ማለቱ ነው። ስሙ በአንድ ቀን ትምህርት ቤቱን አዳረሰው።

«ለሚስተር ዶብስ እንዳትነግርብኝ» አለ ዘይኑዲን። «ማልልኝ።»

«እኛ ቤት አይማልም።»

ታረቀኝ የሚሲዮን ልጅ ነው። ቤታቸው ሰው «አዎ» ካለ አዎ ነው፤ «አይ» ካለም አይ ነው፤ ከዚያ በላይ አይጠየቅም።

«አውቃለሁ» አለ ዘይኑዲን። «አንተ እሺ ካልክ ከሌላው መሐላ ይበልጥብኛል። ስማ፤ አባባ ሊያየኝ ይመጣል። ሱቁን ዘግቶ! ለሠርግ እንኳ ሱቅ የማይዘጋ ሰው። ሚስተር ዶብስ ካወቀ ያስቀምጠኛል። አንዴ የወጣ ተመልሶ አይገባም፤ ሕጉ ነው። አባባ አግዳሚ ላይ ተጎልቼ ሊያየኝ ነው?»

ታረቀኝ ክንዱን አየ፤ ፊቱን አየ።

«እሺ» አለ።

ዓርብ ልምምድ ላይ ዘይኑዲን «ክንዴን ለነገ ላሳርፈው» አለ። ሚስተር ዶብስ ጎበዝ ብሎ ትከሻውን መታ አደረገው። ዘይኑዲን ፈገግ አለ፤ ከታረቀኝ በቀር ፈገግታው ውስጥ ያለውን ያየ የለም።

ልጆቹ ሲበተኑ ታረቀኝ ኳሶች እየለቀመ ቀረ። ልቡ ሁለት ቦታ ተከፍሏል። ዝም ቢል የጓደኛው ክንድ ይብስበታል። ቢናገር ደግሞ ቃሉን ያጥፋል፤ ከዚያስ ነገ ማን ይወረውራል? እሱ ራሱ። አፉን የያዘው ይህ ነበር። ስኮርታነት ሰልችቶታል። ከመጀመሪያው ዙር ጀምሮ መሃል ሜዳ መቆም በጣም ያምረዋል። ታዲያ የሚናገረው ለዘይኑዲን ክንድ አዝኖ ነው ወይስ ለራሱ ብሎ?

«ሚስተር ዶብስ፣ በአገርዎ እርስዎም ወርዋሪ ነበሩ ይባላል» አለ፣ ሊል ያሰበውን ትቶ።

ሚስተር ዶብስ ሣሩ ላይ ተቀመጠ። አማርኛው ቀስ ያለ ነው፤ ቃል ሲጠፋው በእጁ ይጨርሰዋል።

«ነበርሁ። ዘጠኝ ዓመት። እንጀራዬ ነበር።»

«በትልቅ ቡድን?»

«በትንንሽ። በጣም ትንንሽ። አንዱ ቡድን ሲያሰናብተኝ ሻንጣዬን ይዤ ወደ ሌላ ከተማ እሄዳለሁ። በአውቶቡስ። ከተሞቹን ስቆጥር ሁልጊዜ አንዱ ይጠፋብኛል» ብሎ ሳቀ። «ጨዋታ ጀምሬ አላውቅም። አጥር ሥር ካለው አግዳሚ ላይ ተቀምጬ ሱፍ እየቆረጠምሁ እጠብቃለሁ። ነገር ሲበላሽ ይጠሩኛል።»

«ስኮርታ!» አለ ታረቀኝ፣ ሳያስበው አምልጦት።

«ምንድን ነው ስኮርታ?»

ታረቀኝ አስረዳው። ሚስተር ዶብስ እስኪያስለው ድረስ ሳቀ።

«አዎ፣ ስኮርታ! ማረፊያዎቹ ላይ የቆሙት መቺዎች ሌላ ወርዋሪ ያስገባቸው ናቸው፤ ነጥብ ከሆኑ ግን የሚሰደበው ስኮርታው ነው።»

«አይከፋም?»

«መጀመሪያ ከፋኝ። ኋላ ግን እኔ ስገባ ሰዉ ሁሉ አስቀድሞ ተስፋ ቆርጦ እንደሚጠብቀኝ ገባኝ። ከዚያ ወዲያ ምን ያስፈራል?» ሣር ነቀለ። «አንድ ጊዜ ትልቁ ቡድን ጠራኝ። ለሁለት መቺ ወረወርሁ። አንዱ መታብኝ፤ አንዱን አስወጣሁት። ከዚያ ወደ ትንንሾቹ መለሱኝ።»

«አዘኑ?»

«ያስወጣሁት ሰው ዛሬም ትዝ ሲለኝ ደስ ይለኛል» አለ። ከዚያም ታረቀኝን ትኩር ብሎ አየው። «ልትጠይቀኝ የመጣኸው ይህን ነው?»

«አዎ» አለ ታረቀኝ። ወደ ቤት ሲሄድ መንገዱን ሙሉ «አዎ» ማለቱ አፉን እንደ ጥሬ ሙዝ ያዘው።

ቅዳሜ ሜዳው ዙሪያ ሰው ሞላ። አቶ ኡስማን ነጭ ቆባቸውን አድርገው በጭነት መኪናቸው መጡ፤ ሜዳው ዳር አቆሙና ሳይወርዱ፣ መሪውን እንደያዙ ማየት ጀመሩ።

ዘይኑዲን መጀመሪያ ላይ ጥርሱን ነክሶ ወረወረ። የይርጋለም መቺዎች አየር ሲመቱ ሽብሩ ከኋላቸው ተንበርክኮ ኳስ እየያዘ ያሾፍባቸዋል፤ «ወንድሜ፣ ዝንብ ከሆነ የምታባርረው ጭራ እናምጣልህ?» አራት ዙር አለቀ፤ ዲላ በሁለት ነጥብ ይመራል።

በአምስተኛው ዙር ኳሷ ድምፅ አጣች። አንዱ መቺ መታና አንደኛው ማረፊያ ላይ ቆመ። ቀጣዮቹ ሁለቱ በተበላሸ ውርወራ በነፃ ገቡ። ሦስቱም ማረፊያዎች በይርጋለም ልጆች ተያዙ። ዘይኑዲን ከእያንዳንዱ ውርወራ በኋላ ፊቱ ከመኪናው እንዳይታይ ዞሮ በግራ እጁ ትከሻውን ይጨብጣል።

ሚስተር ዶብስ ጨዋታውን አስቆመ። «ዘይኑዲን! ደህና ነህ?»

«ደህና ነኝ!»

መምህሩ አግዳሚው ላይ ወደተቀመጠው ታረቀኝ ዞረ። «ምን ሆኗል?»

ታረቀኝ ተነሳ። አሁን «ምንም» ቢል ውሸት ነው፤ ቢናገር ደግሞ ቃሉ አለ።

«እሱን ላናግረው?» አለ።

«ሂድ።»

ወደ መሃል ሲራመድ ጨለለቅቱ ትዝ አለው። እዚያ ሰው ሲታመም ጎረቤት በቃሬዛ ተሸክሞ እስከ መኪናው መንገድ ያደርሰዋል። የደከመው «ትከሻ!» ብሎ ይጣራል፤ ከኋላ የሚከተለው ሳይቆም ከሥሩ ይገባል፤ ቃሬዛው መሬት አይነካም። «ትከሻ» ባለ ሰው የሚስቅ የለም። አንድ ጊዜ ግን አንድ ጎረምሳ ደከመኝ ማለት አፍሮ ዝም ብሎ ተሸከመ፤ ቁልቁለቱ ላይ ጉልበቱ ከዳውና በሽተኛዋን ሴትዮ ጣላት። እዚያ አገር ሰው ስሙን የሚያነሳው በዚያ ብቻ ነው።

«ምን ፈልገህ መጣህ?» አለ ዘይኑዲን። ላቡ ከአገጩ ይንጠባጠባል።

«አልተናገርኩም። አንተ ራስህ ንገረው።»

«አባባ እያየኝ?»

«እያየህ። እኛ አገር ቃሬዛ የያዘ ሰው ሲደክመው ትከሻ ይላል። ነውር የሚሆነው ዝም ካለ ነው።»

«አንተ ልትገባ ፈልገህ ነው!»

ታረቀኝ መሬት መሬት አየ። ከዚያ ቀና አለ።

«አዎ፣ ፈልጌያለሁ። ከሐሙስ ጀምሮ እንዲህ እንዲሆን ስፈልግ ነው የከረምኩት። ስለዚህ እኔ አልገባም። ሙሉካ ይግባ። አንተ ብቻ ክንድህን ንገረው።»

ሙሉካ በልምምድ እንኳ ኳሱን ሁሉ የሚመቱበት የቡድናቸው ልጅ ነው።

«ሙሉካ? ሙሉካ ከገባ እኮ እስከ መግሪብ ሲመቱን ያመሻሉ!»

«ይምቱን።»

ዘይኑዲን ሳቀ። ሲስቅ ትከሻው አመመውና ሳቁ ወደ ማቃሰት ዞረ። ወደ መኪናው አንዴ ተመለከተ። ከዚያም ሜዳው ሁሉ እንዲሰማው አድርጎ ተጣራ፤ «ሚስተር ዶብስ! ክንዴን ተጎድቻለሁ! ከሐሙስ ጀምሮ ነው!»

ኳሷን ታረቀኝ መዳፍ ላይ አኖራትና ጣቶቹን በግራ እጁ ገጠመለት።

«የወጣው ሰው ተተኪውን ይመርጣል የሚል ሕግ የለም» አለ ታረቀኝ።

«እንግዲህ ዛሬ አወጣሁት። ያዝ! አንድ ነገር ልንገርህ፤ ያ ረጅሙ ዝቅ ያለ ኳስ አይወድም።»

ሽብሩ ከወዲያ ጮኸ፤ «ስኮርታው ወረደ! ሰዎች፣ መንገድ ልቀቁ!» ሜዳው በሳቅ ተናጋ።

ዘይኑዲን አንገቱን ደፍቶ ወደ አግዳሚው ሲሄድ የመኪናው በር ተከፈተ። አቶ ኡስማን ወረዱ። ሜዳውን ዳር ዳሩን ዞረው ልጃቸው ጋ ደረሱ፤ ትከሻውን በሁለት ጣት ነካ ነካ አደረጉ።

«ጆንያ ነው አይደል? ክምሩ ተንዶ አይቼው ነበር። እስክትነግረኝ ስጠብቅ ነበር።»

«ይቅርታ፣ አባባ። ወደ ሱቅ ትመለሳለህ?»

«ገና አላለቀም እኮ» አሉ አቶ ኡስማን። ቆባቸውን አስተካክለው አግዳሚው ላይ ከልጃቸው አጠገብ ተቀመጡ። «ይኼ የገባው ልጅ ማን ነው? እስቲ እንየው።»

ታረቀኝ ሦስቱን የይርጋለም ልጆች ተራ በተራ አየ። ረጅሙ መቺ ዱላውን አነሳ። ታረቀኝ ኳሷን ዝቅ አድርጎ ወረወረ።

ዲላ ያን ቀን በአንድ ነጥብ ተሸነፈ። ዘይኑዲንን ወጌሻ አሽቶ ክንዱን አሰረለት፤ ከጥምቀት በኋላ ተፈታ። በመጋቢት ዲላዎች በአቶ ኡስማን መኪና ተጭነው ለመልሱ ጨዋታ ይርጋለም ሄዱ። ዘይኑዲን ጀመረ፤ ታረቀኝ ጨረሰ።