መብራቱ ከመጥፋቱ በፊት

ኮምፒውተሩ ላይ የሚሮጠው አረንጓዴ መስመር ግማሽ ላይ ደርሶ ቀጥ አለ። ከሥሩ ቀይ ጽሑፍ ብቅ አለ፤ ወዲያው መብራት ድርግም አለና ኮምፒውተሩ ጠፋ።

«ምን ሆነ?» አለች ጉንጮ።

ሽቦ ጠረጴዛው ላይ አጎነበሰች። ገመዱ ጫፍ ላይ የተጋደመውን ስልክ አንስታ ማብሪያውን ተጫነችው። ምንም። ደገመችው። ድንጋይ ነው።

ስልኩ የጉንጮ አያት ንብረት ነው። የጉንጮ ትንሽ ወንድም ፓተርኑን፣ በጣት የሚሰመረውን መክፈቻ፣ በዘፈቀደ ሲሞካክር ቆልፎት አረፈ። አያቷ ነገ ጠዋት ወደ አገር ቤት ይሳፈራሉ፤ ሌላ ስልክ ቢሰጧቸው ደግሞ «ይሄን ማን ያውቀዋል» ብለው ከነካርቶኑ የሚመልሱ ሴት ናቸው። ጉንጮ ይህን በጭንቀት ስታወራ ሽቦ «ይቺማ ምን አላት» ብላ ነበር። አጎቷ ስልክ ጠጋኝ የሆነ፣ ቅጥነቷና ከኪሷ የማይጠፋው ገመድ «ሽቦ» ያሰኛት ልጅ ሌላ ምን ትላለች?

አጎቷ ኮምፒውተሩን እንድትነካ የፈቀደላት በአንድ ውል ነው። የመጠገኛው ሶፍትዌር ላይ ሁለት ቁልፎች አሉ፤ አንዱ የስልኩን ዓይነት ያነባል፣ ሌላው የተቆለፈውን የሚከፍተውን የዚያን ዓይነት ፋይል ይጭናል። ሳያነቡ መጫን ክልክል ነው። «ከባትሪው ሥር የተለጠፈውን የሞዴል ስም ማመን የለም» ይላታል ሁልጊዜ። «የአሮጌ ስልክ ልብሱ ሌላ፣ ሆዱ ሌላ ነው። ስንቱ ጠጋኝ ቀያይሮታል።» ዛሬ ግን አጎቷ ዕቃ ሊገዛ ወጥቶ፣ ጉንጮም ትከሻዋ ላይ ተደግፋ እያየቻት፣ ማንበቡ የጀማሪ ሥራ መሰላት። የተለጠፈውን አየች፣ ፋይሉን መረጠች፣ ጫነች።

ቀዩ ጽሑፍ «አይመሳሰልም» ይል ነበር። ሁለቱም አይተውታል።

መብራቱ ሲመለስ አጎቷም ተመለሰ። ስልኩን አየ፣ ገና እየተነሳ ያለውን ኮምፒውተር አየ፣ ራሱን ነቀነቀ።

«እየጫንሽ ሳለ ጠፋብሽ?»

ጉንጮ ቀደመቻት። «አዎ ጋሼ፣ ድርግም አለ።»

ውሸት አይደለም፤ ድርግም ብሏል። አጎቷ አልተቆጣም፤ እንዲያውም ያጽናናት ጀመር። በእሱም ደርሶበት እንደሚያውቅ፣ መብራት ያቋረጠው ስልክ ያንኑ ፋይል ደግመው ሲጭኑበት እንደሚነሳ እየነገራት ወንበሩን ሳበ። ጉንጮ ከጠረጴዛው ሥር የሽቦን እግር ረገጥ አደረገች። ተገላገልን ማለቷ ነው።

ሽቦ ግን የምታየው የአጎቷን እጅ ነበር። ያንኑ ፋይል ፈልጎ አገኘው። ፋይሉ የዚህ ስልክ ካልሆነና አሁን እስከ መጨረሻው ከሄደ፣ ስልኩ የሚነሳበት ክፍል ራሱ ይጠፋል። ያኔ አጎቷም አያድነውም። እሷን ግን ማንም ምንም አይላትም፤ ጥፋቱ የመብራት ነዋ።

«አንብበሽ ነው አይደል የጀመርሽው?» አለ ዞር ሳይል፣ «በልተሻል አይደል» እንደሚል ሰው። ጣቱ ማውሱ ላይ ነው።

ጉንጮ እግሯን ዳግመኛ ረገጠቻት።

ሽቦ እጇን ሰደደችና ገመዱን ከስልኩ ነቀለችው።

«አላነበብኩም» አለች። «የተለጠፈውን አይቼ ነው። የቆመውም መብራቱ ከመጥፋቱ በፊት ነው። አይመሳሰልም ብሎኝ ነበር።»

አጎቷ ጉንጮን አየ፤ ጉንጮ ጣሪያውን አየች። ሽቦ የሚያባርራት መስሏት ቦርሳዋን አነሳች።

«ወዴት ነው? ይሄን ማን ሊጨርሰው ነው?» አላት አጎቷ።

ኮምፒውተሩን ዛሬም ነገም፣ እሱ እንደገና እስኪያምናት ድረስ እንደማትነካ ነገራት። ስልኩን ግን ራሷ ትፈታዋለች፤ የሆዱን ማንነት ከቦርዱ ላይ አንብባ ትሰጠውና እሱ ከዚያ ይቀጥላል። ይነሳ እንደሆነ ጠየቀችው። አላውቅም አላት።

ጉንጮ በሩ ላይ ቆማ ታመነታለች። «አሁን እኔ ለአያቴ ምን ልበላት?»

«እኔ እነግራቸዋለሁ» አለች ሽቦ። «ይሄን ልጨርስና አብረን እንሄዳለን።»

ትንሿን ብሎን መፍቻ አነሳች። የጠረጴዛውን መብራት ወደ ራሷ አስጠግታ ክዳኑን ከፈተች፤ ከዚያም ቦርዱ ላይ ያለውን ደቃቅ ጽሑፍ ፊደል በፊደል ማንበብ ጀመረች።