ሸክላው ውስጥ የቀረው ሳቅ

እኔ እንዲህ ያለ ነገር የማምን ሰው አይደለሁም፣ ይህን አስቀድሜ ልንገራችሁ። ትምህርቴን ከአራተኛ ክፍል ባቋርጥም፣ ጎረቤት «ጥላ አየሁ፣ ድምፅ ሰማሁ» ሲል «ወባ ይዞህ ይሆናል፣ ሄደህ ተመርመር» የምል ነኝ። የማምነው ጌታን ነው፣ ከእሱ ቀጥሎ የፈላ ውሃ። ያን ቀን ያየሁትን ግን እስከ ዛሬ የማስቀምጥበት ቦታ አጥቻለሁ።

ቤዛ ያኔ አምስት ዓመቷ ነበር። ያለችኝ አንድ ልጅ እሷ ናት፣ አባቷ የጭነት መኪና ሹፌር ስለሆነ ሳምንቱን ሙሉ ቱርሚ መንገድ ላይ ነው የሚሰነብተው፣ እኔም ጂንካ ግቢያችን በር ላይ ሽንኩርትና ቲማቲም እየሸጥኩ ልጄን የምጠብቃት በጆሮዬ ነበር፣ ሳሏን አውቃለሁ፣ የርሃብ ለቅሶዋን ከሕመም ለቅሶዋ እለያለሁ፣ የነጠላ ጫማዋ ጠፍ ጠፍ ካቆመ ደግሞ ሚዛኑን ጥዬ ነው የምነሳው።

ያ ጠፍ ጠፍ ታዲያ ሁልጊዜ የሚያበቃው ድንቅነሽ በር ላይ ነው። ድንቅነሽ ከገዘር መጥታ እዚያው ግቢ ከጎናችን የተከራየች ሸክላ ሻጭ ናት፣ ልጅ ስለሌላት ሰው ሁሉ እኔን «የቤዛ እናት» ሲለኝ እሷን በስሟ ነው የሚጠራት። ድስቶቿን ፀሐይ ላይ ደርድራ አንድ በአንድ በጣቷ ኳ እያደረገች ታዳምጣለች፣ ደህናው ጥርት ብሎ ይጮኻል፣ የተሰነጠቀው ይታፈናል፣ ሸክላ የገዛ ሁሉ ይህን ያውቃል። የእሷ ልዩነት የታፈነውን አለመጣሏ ነው። አፏን ወደ ድስቱ አፍ አስጠግታ ታንጎራጉርበታለች፣ ከዚያ እንደገና ኳ፣ ይጮኻል። እኔ ደብቃ ሌላ ድስት ቀይራ ነው እል ነበር። ቤዛ ግን አጠገቧ ተቀምጣ ስትስቅ ትውላለች፣ ለምሳ ስጠራት «ድንቄ ጋ በላሁ» ትለኛለች። ያ «ድንቄ» የሚለው ቃል ሆዴን እንዴት እንደሚያቃጥለው!

«ልጄን ምን አብልተሻት ነው እንዲህ የለመደችሽ?» አልኳት አንድ ቀን፣ እንደ ቀልድ አድርጌ።

«ጎደሬ» አለችኝ እየሳቀች። «አንቺም ነይና ብዪ እንጂ፣ ቅናት ያከሳል።»

ከዚያ አንድ ሌሊት ከባድ ዝናብ ዘነበ፣ አጥሩ ሥር ያለውን ማንጎ መብረቅ መታው። በማግስቱ ከቀትር በኋላ ዕቃ ሳጥብ የድስት ክዳን ከእጄ አምልጦ ዛፉ ሥር ድንጋይ ላይ ወደቀ፣ ድምፅ ግን የለም። ጆሮዬ የተደፈነ መሰለኝ፣ ውጭ የሚያልፈው ባጃጅ ግን ይሰማኛል። አውራ ዶሮው እዚያው ቦታ ላይ አንገቱን አስረዝሞ አፉን ከፈተ፣ ምንም። «ቤዛ!» ብዬ ሳልጨርስ ልጄ ዶሮውን እያባረረች በዛፉ ሥር አለፈች፣ ጠፍ ጠፉም እዚያ ላይ ተቆረጠ።

ወደ እኔ እየሮጠች መጣች፣ ጫማዋ መሬት ይመታል፣ አይሰማም። ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፣ አይሰማም። ፈርታ አፏን ከፍታ አለቀሰች፣ እንባዋ ሲወርድ አያለሁ፣ እመኑኝ፣ የትንፋሿ ሽውታ እንኳ አልነበረም።

ጩኸቴን ሰምታ ድንቅነሽ ወጣች። የሚያፈስ ጣሪያ እንዳየ ሰው ዛፉን ቀና ብላ አየችው እንጂ አልደነገጠችም።

«ዓለሙም እንደ ሸክላ ነው፣ ይሰነጠቃል» አለችኝ። «ልጅቷ ድምፅዋን እዚያ ስንጥቅ ውስጥ ጥላ ነው የወጣችው።» ትንሽ ድስት አምጥታ እጄ ላይ አስቀመጠች። «ደህና ሳለች የነበራትን ድምፅ አስመስለሽ ስጪው። እናቷ ነሽ፣ ካንቺ ነው የሚጀመረው።»

አፌን ወደ ድስቱ አስጠጋሁ። የወጣኝ ሳሏ ነው፣ ያ ሌሊት ሌሊት ከእንቅልፌ የሚያስነሳኝ ደረቅ ሳል። ወዲያው ቤዛ ጮክ ብላ ሳለች! ሳሉ ብቻ ተመለሰ።

«ሌላ» አለች ድንቅነሽ።

ለቅሶዋን ሰጠሁ። ቤዛ እሪ አለች።

«ሌላ! በሳልና በለቅሶ ብቻ ልትቀር ነው? ሳቋን፣ የቤዛ እናት፣ ሳቋን!»

ሳቋን ፈለግኩት። ልጄ ስትስቅ «ደህና ናት» ብዬ ወደ ሽንኩርቴ ነው የምመለሰው፣ ሳቅ አስነስቶኝ አያውቅም። አፌን ከፍቼ ቆምኩ፣ ባዶ።

ድንቅነሽ ዓይኔን ሳታይ ድስቱን ከእጄ ወሰደችና የልጄን ሳቅ ሳቀችበት። ሁለት አጭር፣ ሦስተኛው ከፍ ይላል፣ መጨረሻው ላይ እንደ ድመት ማስነጠስ ያለች ትንሽ ድምፅ አለች። ይኸውላችሁ፣ የልጄ ሳቅ መጨረሻ ላይ ድመት እንዳለ ከጎረቤት አፍ ሰማሁ።

ቤዛ ሳቀች። በዚያው ቅጽበት ቅድም የወደቀው ክዳን ድንጋዩ ላይ ቃጭ ብሎ ጮኸ፣ ክዳኑ ሳይንቀሳቀስ፣ የአውራ ዶሮውም ጩኸት መጣ፣ ዶሮው አፉን ገጥሞ ቆሞ ሳለ። ልጄ እጇን ዘርግታ ሮጠች። እጄን ዘረጋሁላት፣ በአጠገቤ አልፋ ድንቅነሽ ጉያ ገባች።

«ጌታ ይባርክሽ» አልኳት፣ በአፌ ብቻ።

ከዚያ ወዲህ ልጄን ወደ እሷ አልላክሁም። ብዙም ሳትቆይ ድንቅነሽ ዕቃዋን ጠቅልላ ወደ ገዘር ተመለሰች፣ ስትሄድ ያንን ድስት ሰጠችኝ። «የተጠገነችው በዚህ ነው፣ ጠብቂው። ከታፈነ አምጪልኝ።» ለባሌ ብነግረው፣ «መብረቅ ሰው ያደነቁራል፣ ምን አዲስ ነገር አለው?» ብሎ ሳቀብኝ፣ «ይልቅ ወጥ ሥሪበት!»

ቤዛ አሁን አሥር ዓመት ሆኗታል። ንግግሯ ጎልምሷል፣ ሳቋ ግን ያው የአምስት ዓመት ሕፃን ሳቅ ነው፣ አንዲት አልጨመረችበትም። እኔም እሷ ትምህርት ቤት ስትሄድ በሩን ዘግቼ ድስቱ ላይ ሳቋን እለማመዳለሁ፣ ለምን የእኔ አይሆንም ብዬ። ባለፈው ሳምንት ሆነልኝ፣ ሁለቱ አጭር፣ ሦስተኛው፣ ድመቷም ሳትቀር! ልክ ስጨርስ ቤዛ በግቢው በር ገባች፣ እንደገባችም ሳል ጀመራት፣ ያው ደረቅ ሳል። ትኩሳት የላትም፣ አስመረመርኳት፣ ምንም የለባትም አሉኝ። ድስቱን በጣቴ ኳ ባደርገው ታፈነ። ከአፉ ጀምሮ እንደ ፀጉር የቀጠነ መስመር ወርዶበታል።

የገዘር ሚኒባስ ጠዋት ጠዋት በራችን ላይ ነው የሚያልፈው። ድስቱን በነጠላ ጠቅልዬ በሩ ሥር አስቀምጫለሁ፣ ነገ እሄዳለሁ እላለሁ፣ ከዚያ ድንቅነሽ እፊቴ ስትስቅበት፣ ልጄም በአጠገቤ አልፋ ስትሮጥ ይታየኛል፣ ሚኒባሱም ያልፋል።

ዛሬ ቤዛ ግቢ ውስጥ ስትስቅ ሰማኋትና ሽንኩርቱን ትቼ ጆሮዬን ጣልኩ። ሁለት አጭር፣ ሦስተኛው ከፍ አለ፣ ከዚያ የድመቷን ጠበቅኩ። አሁንም እየጠበቅኩ ነው።