አንዴ ካንኳኳሁ ክፈት

ሟቹ ከመሞቱ በፊት ጫማውን አውልቆ፣ ካልሲውን ጫማው ውስጥ ከትቶ፣ ጎን ለጎን አስቀምጦታል። ኢንስፔክተሯ ወደ ጋራዡ ግቢ ስትገባ መጀመሪያ ዓይኗ ያረፈው በሬሳው ላይ ሳይሆን በእነዚያ ጫማዎች ላይ ነበር። ሠላሳ አንድ ዓመት ሬሳ ያየ ሰው ለሬሳ አይቸኩልም፤ ሬሳ የትም አይሄድም። ጉልበቷን እያሻሸች ቆመችና እንደ ልማዷ «ቆይ እስቲ» አለች። መሥሪያ ቤት ውስጥ ከጀርባዋ «እትዬ ቆይ-እስቲ» የሚሏት ለዚህ ነው። ታውቃለች፤ መቆጣት ግን እሱም አቅም ይጠይቃል።

«የሚያቆይ ነገር እንኳ የለውም» አለ ሃምሳ አለቃው። «ሟቹ የጋራዡ ባለቤት ነው። ጋሽ ጆሮ ይሉታል። የዚህችን መኪና የኋላ ኮፈን መቆለፊያ ሊያይ ውስጥ ገባ፤ ተዘጋበት፤ ሞተ። ሐኪሙ ሙቀትና ደካማ ልብ ነው ብሏል፤ ከስድስት እስከ ስምንት ሰዓት ባለው ጊዜ። በዚያ ሰዓት ግቢው ውስጥ የነበረው ላሜራ ቀጥቃጩ ብቻ ነው። ጠዋት ደግሞ ከሟቹ ጋር ሲጯጯሁ ተሰምተዋል። በካቴና አስሬዋለሁ።»

«አሰርከው?»

«አለቃ ደውለው ነበር። መዝገቡ እስከ ማታ ይዘጋ ብለዋል።»

«መዝገብማ መዝጋት ምን ያስቸግራል» አለች ተንፍሳ። «ያስቸገረን ኮፈኑ ነው።»

ሬሳው ሸራ ላይ ተጋድሟል። ስድሳ የሞላው፣ ቀጭን፣ ፀጉሩን በአጭሩ የተቆረጠ ሰው ነው። አንገቱ ላይ እጀታው በቀይ ፕላስተር የተጠቀለለ ትንሽ ካቻቢቴ በክር ተንጠልጥሏል፤ በሸሚዙ ኪስ በቢላ የተቀረጸ እርሳስ አለ። ኢንስፔክተሯ እየተነፈሰች ተንበረከከችና እጆቹን አንስታ አየች። መዳፉ አቧራና ዝገት ብቻ ነው። የቀኝ እጁ ጣቶች ጫፍ ተልጦ ደም ቋጥሯል፤ የመሐል ጣቱ ጥፍር ውስጥ አንዲት ሰማያዊ ክር ተሰክታለች። ክሯን በመቆንጠጫ አውጥታ ፖስታ ውስጥ ጨመረች።

ከዚያ ወደ መኪናዋ ዞረች። የተከፈተው ኮፈን ጫፍ ላይ ያለው መቆለፊያ በወፍራም ግሪስ ተቀብቷል። ግሪሱ ገና ያልተነካ ቅቤ ይመስላል፤ ጭረት የለበትም። ከሥሩ ያለችው ሞላ አዲስ ናት፤ ጫፏ ሁለት ጊዜ ተጠምዝዟል። ጣቷን ነከር አድርጋ በመሐረብ ጠረገችውና ተመልሳ የሟቹን እጆች አየች።

«ምን አገኙ?» አለ ሃምሳ አለቃው።

«ቆይ እስቲ።»

የመኪናዋ ባለቤት አስተማሪ ናት። በጋራዡ ጠባብ ቢሮ ውስጥ ቦርሳዋን እንዳቀፈች ተቀምጣለች።

«ኮፈኑ ምን ሆኖ ነበር?» ኢንስፔክተሯ ጠየቀቻት።

«አልያዝ ብሎ ነዋ! መንገድ ላይ ብድግ ይላል። የተማሪዎቼን ደብተር አስፋልት ለአስፋልት ለቅሜአለሁ። ሁለት ሳምንት ሙሉ ከመከላከያው ብረት ጋር በገመድ እያሰርኩ ነው የነዳሁት።»

«ምን ዓይነት ገመድ?»

«ሰማያዊ የፕላስቲክ ገመድ። ዛሬም አስሬው ነው ያመጣሁት። ጋሽ ጆሮ ፈቱት፤ ኮፈኑን ሁለት ሦስቴ ከፍ ዝቅ አድርገው አዳመጡና ‹ምላሱ ይገባል፣ ጥርሷ ግን አትይዘውም፤ ሞላዋ እንደኔ ደክማለች› አሉኝ።» ቦርሳዋን ጠበቅ አደረገች። «ዘጠኝ ሰዓት ነይ አሉኝ። ስመጣ ጫማቸው መሬት ላይ አለ፤ እሳቸው የሉም። አብሯቸው የሚሠራው ወንድማቸው ግራ ተጋብቶ ኮፈኑን በቁልፍ ከፈተው።»

«በቁልፍ? ተቆልፎ ነበር?»

«ጥርቅም ብሎ።»

«ገመዱስ?»

አስተማሪዋ አሰብ አደረገች። «ገመዱን አላየሁትም።»

ላሜራ ቀጥቃጩ ከግቢው ጀርባ፣ በቆርቆሮ በተከለለ ሥራ ቦታው፣ በካቴና እንደታሰረ በርጩማ ላይ ቁጭ ብሏል። ትከሻው ሰፊ፣ ድምፁ ከሰውነቱ ያነሰ ሰው ነው። ኢንስፔክተሯ ሌላ በርጩማ ስባ አጠገቡ ተቀመጠች፤ መቀመጥ ያገኘችበትን ቦታ ሁሉ ታመሰግናለች።

«በምን ተጣላችሁ?»

ዝም አለ።

«ዝምታህን ሃምሳ አለቃው እንደ ቃል ቆጥሮ ይጽፈዋል፤ እወቀው።»

«እናቴ፣ ቃል ገብቼ ነበር» አለ መሬት መሬት እያየ። «የእህቴ ባል ሹፌር ነው። ከሁለት ዓመት በፊት ቁልቁለት ላይ ፍሬን እንቢ አለውና አንዲት እናት ከነልጇ ገጨ። ‹ፍሬኑን ሳትፈትሽ ነድተሃል› ተብሎ ሰባት ዓመት ተፈረደበት። ፍሬኑ ከአደጋው በፊት በነበረው ቀን እዚሁ ነበር የተሠራው። ዛሬ ጠዋት ጋሽ ጆሮ ጠርቶኝ ‹ጥፋቱ የሹፌሩ አይደለም፣ የኛ ቤት ነው፤ ማስረጃውን አግኝቻለሁ› አለኝ። እብድ ሆንኩ፤ ጮህኩበት። እሱ ግን ‹ነገ ፍርድ ቤት ሄጄ እናገራለሁ። እስከዚያ አንደበትህን ያዝ፤ መጀመሪያ ለሠራው ሰው ራሴ ልንገረው› አለኝ።»

«የሠራው ማነው?»

«አልነገረኝም። እኔ ከላሜራ በቀር አላውቅም። እስቲ አሁን የእህቴን ባል የሚያስፈታ አንድ ሰው ቢኖር እሱ ነበር። እኔ ልግደለው?»

ኢንስፔክተሯ በርጩማዋን ወደ እሱ ጠጋ አደረገች። «ኮፈን ውስጥ ገብቶ የሚሠራው ነገር ምንድነው?»

«ልማዱ ነው። የመቆለፊያ ችግር ከውስጥ ነው የሚሰማው ይላል። የሰው መኪና እንዳያቆሽሽ ጫማውን ያወልቅና ይገባል፤ አንድ ሰው ውጭ ቆሞ ይዘጋለታል። ሁለቴ ካንኳኳ ‹ድገም› ማለት ነው። አንዴ ካንኳኳ ‹ክፈት›።» ከዚያ ፊቱ ተኮማተረ። «ምሳ ሰዓት ላይ የመኪና በር እየቀጠቀጥኩ የሚያንኳኳ ነገር ሰማሁ። የመዶሻዬ ድምፅ ግድግዳው መልሶት መሰለኝ። ቀጥ ብል እኮ ይሰማኝ ነበር! አላቆምኩም።» ትልቁ ሰውዬ በታሰሩ እጆቹ ፊቱን ሸፍኖ አለቀሰ።

ኢንስፔክተሯ ትከሻውን ነካ አድርጋው ተነሳች። እንዲህ ያለውን ለቅሶ የት እንደምታስቀምጠው በሠላሳ አንድ ዓመት አልተማረችም።

የሟቹ ቤት ከጋራዡ አጥር ቀጥሎ ነው። ሚስቱ ጎረቤቶቿን አስወጥታ ለብቻዋ ወጥ ቤት ውስጥ ቆማለች፤ ምድጃው ላይ የአንድ ሰው ምሳ እንደተከደነ አለ።

«ባለቤትዎ ምሳ አልመጡም?»

«‹ዘጠኝ ሰዓት የሚሰጥ ሥራ አለብኝ፤ ቆይቼ እበላለሁ› ብሎ ነበር። ወንድሙ ከስድስት ሰዓት ከሩብ ጀምሮ እስከ ስምንት ሰዓት ድረስ እዚህ ነበር።»

«በላ?»

«የት በልቶ! አንድ ጉርሻ አልወረደለትም። አሞሃል ወይ ስለው ‹ወንድሜ ትናንት ያመጣው የብስኩት ቆርቆሮ የት አለ?› ይለኛል። ሁለቴ ጠየቀኝ።»

«የት አለ?»

ሴትዮዋ ከምድጃው ሥር ጎንበስ አለችና አንድ የተላጠ ቆርቆሮ አወጣች። «‹እስከ ነገ ደብቂልኝ፤ ለማንም› ብሎኛል። ‹ለማንም› ካለ ለወንድሙም ነው ብዬ አላየሁትም አልኩ። አሁን ግን ነገ የሚባል ነገር የለውም» ብላ ሰጠቻት።

ቆርቆሮው ውስጥ ከነማሸጊያው ያለ፣ መኪና ያልነካው አዲስ የፍሬን ዕቃና አንድ የቆየ የሥራ ወረቀት ነበር። ወረቀቱ «አሮጌው ወጥቶ በአዲስ ተቀይሯል» ይላል። ኢንስፔክተሯ ከግርጌው ያለውን ፊርማ አንብባ ቆርቆሮውን ከደነችው። ከዚያ «ይምጡ እህቴ፤ እዚያ ቢሆኑ ይሻላል» አለች።

አሥራ አንድ ሰዓት ሲሆን ሁሉም ግቢው ውስጥ ተሰበሰቡ፦ አስተማሪዋ፣ ቀጥቃጩ፣ የሟቹ ሚስትና ወንድምየው። ወንድምየው ከሟቹ ጥቂት ዓመት ያንሳል፤ ዓይኑ ቀልቷል፣ እጆቹን የሚያደርግበት ጠፍቶታል። ሃምሳ አለቃው ሰዓቱን ያያል።

ኢንስፔክተሯ የገዛ መኪናዋን ኮፈን ከፈተች። «ወንድሜ፣ በሐዘንዎ ላይ ማስቸገር ነውር ነው» አለችው። «የኔም ኮፈን አልያዝ ካለኝ ከርሟል። ማስረጃ ይዤ ነው የምሄደው፤ መንገድ ላይ እንዳይበተንብኝ። እጅዎ ካልከበደ ቢያዩልኝ?»

ሃምሳ አለቃው በኀፍረት ወደ ሰማይ አየ። ወንድምየው ግን ሥራ በማግኘቱ የተገላገለ መሰለ። ኮፈኑን ከፍ ዝቅ አደረገ። የመቆለፊያውን ምላስ በካቻቢቴ ገፋ፤ ገባ፤ ሲለቀው ተመልሶ ወጣ። «ሞላዋ ናት» አለ። አሮጌዋን ነቀለ፤ ከጣሳ ውስጥ ሌላ ሞላ መረጠና ጫፏን በፒንሳ ሁለት ጊዜ ጠምዝዞ ሰካት። ምላሱን ገፋ፦ ቀጭ! ያዘች። ከዚያ ሳያስብ፣ ዓይኑ ሌላ ቦታ እያለ፣ ሌባ ጣቱን ግሪስ ውስጥ ነክሮ መቆለፊያውን አንድ ጊዜ ጥርግ አድርጎ ቀባውና ጣቱን በቀኝ ጭኑ ላይ ጠረገ። ሱሪው ላይ ከዚያ በፊት የተጠረገ አንድ መስመር ነበር።

«እግዜር ይስጥልኝ» አለች ኢንስፔክተሯ። «የለመደ ልማድ ያሰርቃል ከማዕድ።»

«ምን አሉኝ?»

«እህቴ፣ ባለቤትዎ ለመቆለፊያ ግሪስ ይቀቡ ነበር?»

«በጭራሽ!» አለች የሟቹ ሚስት። «‹ግሪስ አቧራ ይሰበስባል› እያለ የእርሳስ ዱቄት ነው የሚነፋበት። በዚህ ነገር ከወንድሙ ጋር ዕድሜ ልካቸውን ተጨቃጭቀዋል።»

«እርሳሱ ኪሳቸው ውስጥ ነው። የአስተማሪዋ መኪና መቆለፊያ ግን በግሪስ ተለውሷል፤ አዲሷ ሞላም ጫፏ ሁለት ጊዜ ተጠምዝዟል፤ የኔን ይመስላል። ይህን የሠራው ሟቹ አይደለም። መቼ ተሠራ? ጨለማ ውስጥ የተዘጋበት ሰው መጀመሪያ የሚነካው መቆለፊያውን ነው። የሟቹ እጅ ላይ አቧራና ዝገት እንጂ ግሪስ የለም፤ ግሪሱም ላይ የጣት ምልክት የለም። ስለዚህ መቆለፊያው የተጠገነው ሰውዬው ከሞተ በኋላ ነው።»

«ታዲያ ያልተጠገነ ኮፈን እንዴት ይይዘዋል?» አለ ሃምሳ አለቃው። ሰዓቱን ማየት ትቷል።

«እንደ ወትሮው፤ በገመድ። በገመድ የታሰረ ኮፈን የጣት ክፍተት ይተዋል። ሟቹ በዚያች ክፍተት ጣቶቹን አሾልኮ ገመዱን ቧጥጧል፤ ሰማያዊ ክር ጥፍሩ ውስጥ አግኝቻለሁ። ጥርቅም ብሎ የተቆለፈ ኮፈን ውስጥ ያለ ሰው ውጭ ያለ ገመድ አይነካም። በገመድ ያሰረ ሰው ደግሞ አጠገቡ ቆሞ መጠበቅ የለበትም፤ ምሳ ሊሄድ ይችላል።»

ሁሉም ወደ ወንድምየው ዞሩ።

«ስምንት ሰዓት ተመለስክ፤ ገመዱን ፈታህ፤ ሞቶ አገኘኸው። አልያዝ ያለ ኮፈን ሰው ዘግቶ አይገድልም፤ ስለዚህ በራሱ ተቆልፎ የገደለው እንዲመስል ጠገንከው። ባለመኪናዋ ስትመጣ ለምስክርነት ፊቷ ከፈትከው። የፍሬኑ ዕቃ ሳይቀየር ‹ተቀይሯል› ብለህ የፈረምከውም አንተ ነህ። ሃምሳ አለቃ፣ ገመዱን የተቃጠለ ዘይት በርሜል ውስጥ ፈልግ። እዚህ ግቢ ውስጥ ሰው እጁን የማይሰድበት ቦታ እሱ ብቻ ነው።»

ሃምሳ አለቃው በብረት ዘንግ ቆፍሮ ጥቁር የሆነ ገመድ አወጣ። አንዱ ጫፉ ዘይት ሳይነካው ሰማያዊ እንደሆነ ነበር።

ወንድምየው ግሪስ የነካውን ጣቱን ያይ ነበር። «ሊያሳስረኝ ነው» አለ ለማንም ሳይሆን። «‹ነገ እናገራለሁ፤ አንተም አብረኸኝ ና፤ ይቀልሃል› አለኝ። ይቀልሃል! ከዚያ ምንም እንዳልተፈጠረ ጫማውን አውልቆ ገባ። ‹ዝጋው› አለኝ። ዘጋሁት። ገመዱ እዚያው ነበር፤ አሰርኩት። ላስፈራራው፣ ሐሳቡን እንዲለውጥ ነበር…»

«እሺ፤ ከዚያስ?»

«አንዴ አንኳኳ። ቆየ። ደግሞ አንዴ። አልጮኸም፣ አልሰደበኝም። እከፍታለሁ ብሎ አምኖኝ ነበር።» መሬት ላይ ቁጭ አለ። «እኔም ምሳ ሄድኩ።»

የሟቹ ሚስት ሄዳ የባሏን ጫማዎች አነሳችና ደረቷ ላይ አቀፈቻቸው።

ካቴናው ከአንዱ እጅ ወደ ሌላው ተላለፈ። ሃምሳ አለቃው ከኢንስፔክተሯ መኪና ላይ አዲስ የተጠገነውን መቆለፊያ ፈትቶ ለማስረጃ ያዘ፤ ኮፈኗም ብድግ ብላ ቀረች። «መዝገቡ ተዘጋ፤ ኮፈንዎ ግን ተከፈተ» ሊል አስቦ ፊቷን ሲያይ ተወው። ድል ያደረገ ሰው ፊት አልነበረም። እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል ይባላል፤ እሷ በዚህ ዕድሜዋ የምታውቀው እያደረ የጠራ እውነት ብዙ ጊዜ ሬሳ ላይ እንደሚደርስ ነው።

ቀጥቃጩ የተለቀቁ እጆቹን እያሻሸ መጣ። ገመድ ፈልጎ የመኪናዋን ኮፈን ያስርላት ጀመር። ኢንስፔክተሯ ቆርቆሮውን ከጎኗ ካለው ወንበር እግር ሥር አስቀምጣ መሪውን ያዘች።

«ወዴት ነው?» አለ ቀጥቃጩ ከኋላ።

«እስር ቤት። እስከ አሥራ ሁለት ሰዓት ያስገባሉ። ነገ ደግሞ ፍርድ ቤት እሄዳለሁ፤ አንድ ሰው ለመሄድ ቃል ገብቶ ነበር። ሹፌሩ ዛሬውኑ ቢሰማ ይሻላል።»

ሞተር አስነሳች። በመስታወቱ ስታየው ሰውዬው ቋጠሮውን ጨርሶ፣ እጁን ኮፈኑ ላይ እንዳሳረፈ ቆሟል። ልጠይቅ አልጠይቅ እያለ ነው። ከዚያ በጣቱ አንጓ አንኳኳ፤ አንዴ ብቻ።

ኢንስፔክተሯ ሞተሩን አጠፋች። ጉልበቷ እያቃሰተባት ወርዳ፣ መኪናዋን ዞራ፣ በሩን ከፈተችለት።