የዳቦ እርሾና የካሳዬ እግር

መርሳ ላይ፣ ከዋናው መንገድ ዳር፣ ከመናኸሪያው ዝቅ ብሎ ያለው ዳቦ ቤት የእኔ ነው። ስሜ ጀብሪል ነው፤ አገሬው ግን ጀብሪል ሊጡ ይለኛል። ይህን የምጽፈው እንዲታዘንልኝ ብዬ አይደለም። የእኔ ኩራት የወዳጄን እግር እንዴት እንዳስቆረጠ ሰው ይወቀው ብዬ ነው። በየቤቱ እንደ እኔ ያለ ሰው አይጠፋምና፣ ካለ ቶሎ ይመለስ።

ሊጡ የሚለውን ስም ያወጣልኝ አስተማሪ ነው። አምስተኛ ክፍል ሳለሁ ስለ አየር ሲያስተምረን እጄን አወጣሁና «ጋሼ፣ ሊጥ ሲያድር የሚነፋው ለምንድን ነው?» ብዬ ጠየቅሁት። ሳቀ። «ሂድ እናትህን ጠይቃት፤ አንተ የጓዳ ልጅ ነህ እንዴ?» አለኝ። ክፍሉ በሙሉ ሳቀ። በዚያው ሊጡ ሆኜ ቀረሁ። በዓመቱ ደግሞ አባቴ «ሁለታችሁም ከተማራችሁ በሬውን ማን ይከተለዋል?» አለ። ታላቅ ወንድሜ ዓሪፍ ደብተሩን ይዞ ሲቀጥል እኔ ሞፈር ጨበጥኩ፤ ወደ ዳቦ የዞርኩት ኋላ ነው። ዓሪፍ ዛሬ ደሴ የተከበረ ሰው ነው፤ ሰው ፊት ሲቆም ይደመጣል። እኔ ሰው ፊት ስቆም ዳቦ ስንት ነው እባላለሁ።

ከዚያ ክፍል ከወጣሁ ወዲህ ማንንም ምንም ጠይቄ አላውቅም። ያልገባኝ ነገር ሲነገር እንደገባው ሰው አዎ አዎ እላለሁ። ቤቴ ስገባ የጎደለውን በራሴ ግምት እሞላዋለሁ። አርባ ዓመት እንዲህ ኖርኩ፤ ማንም አልነቃብኝም። የጎዳኝም አለመንቃታቸው ነው።

ሊጡ ብሎ ሲጠራኝ የማይከፋኝ አንድ ሰው ነበር፤ ካሳዬ። ካሳዬ መካኒክ ነው። ጋራዡ ከዳቦ ቤቴ ፊት ለፊት፣ መንገዱን ተሻግሮ ነው። ወደ ወልድያም ሆነ ወደ ሐራ የሚያልፍ የጭነት መኪና ሹፌር ሞተሩ ካጉረመረመበት ካሳዬን ሳያሳይ አያልፍም ነበር። እሱ ክርስቲያን ነው፣ እኔ ሙስሊም ነኝ፤ ግን የእሱ ፋሲካ ያለ እኔ ዳቦ፣ የእኔ አረፋ ያለ እሱ ጨዋታ አይሆንም ነበር።

ጠዋት ጠዋት ከመኪና ሥር ተንጋሎ፣ እግሩ ብቻ እየታየ፣ «ሊጡ! ዛሬ ነፋህ ወይስ ገና ነህ?» ብሎ ይጮኻል።

«አንተ መጀመሪያ ወጥተህ ፊትህን ታጠብ፤ ደንበኞቼን አስበረገግህብኝ» እለዋለሁ።

ካሳዬ ስኳር በሽታ አለበት። እግሩ ከደነዘዘ ቆይቷል። ሚስቱ ደብሪቱ «ጫማ አድርግ» ብላ ስትለምነው «ከመኪና ሥር ማን ያየኛል?» እያለ በሸበጥ ይሠራ ነበር።

ባለፈው ዓመት ለአረፋ ዓሪፍ ከልጁ ከናጅዋ ጋር መጣ። ናጅዋ ዩኒቨርሲቲ ውስጥ፣ ቤተ ሙከራ ነው የምትሠራው። ከምሳ በኋላ ጎረቤቱ ተሰብስቦ፣ ጫቱ ተዘርግፎ፣ አንዱ ሽማግሌ «ልጄ፣ ሥራሽ ምንድን ነው?» ብለው ጠየቋት።

«እርሾ ነው የሥራዬ ነገር» ስትል ጆሮዬ ቆመ። «እርሾ በዓይን የማትታይ ትንሽ ፍጥረት ናት። ከላይዋ እንደ ቅርፊት ያለ ልባስ አላት። ከዚያ ልባስ ዛይሞሳን የሚባል ዱቄት ይወጣል። ሰውነታችን በሽታ የሚዋጉ ጠባቂዎች አሉት አይደል? ዱቄቱን በመርፌ ለአይጥ ስንሰጣት ጠባቂዎቿ ይነሳሉ፤ ጠላት የመጣ ይመስላቸውና ወደዚያ ቦታ ይሰበሰባሉ…»

ዓሪፍ ጣልቃ ገባ። «ለጀብሪል በሊጥ ቋንቋ ንገሪው እንጂ! እሱ የሚገባው በዚያ ነው።»

ቤቱ ሳቀ። ካሳዬም ሳቀ። እኔ ተነሣሁ። «ፉርኖው ይጠብቀኛል» አልኩ። በአረፋ ቀን ፉርኖዬ እንደማይነድ እዚያ የተቀመጠ ሰው ሁሉ ያውቃል።

ናጅዋ እስከ በሩ ተከተለችኝ። «አጎቴ፣ አልጨረስኩም እኮ። ዋናው ነገር ገና ነው። ይቀመጡ።»

«ገብቶኛል።»

«እሺ ስልክ ቁጥሬን ይያዙት። ያልገባዎት ነገር ካለ በማንኛውም ሰዓት ይደውሉልኝ።»

ቁጥሯን መዘገብኩ። በልቤ ግን «ያልገባዎት» ያለችውን እንደ ስድብ ይዤ ወጣሁ። ከንግግሯ የቀረኝም ይኸው ነበር፤ እርሾ የሰውነትን ጠባቂዎች ይቀሰቅሳል። ሠላሳ ዓመት እጄን የነከርኩበት እርሾ! ዓሪፍ በትምህርቱ ያላገኘውን እኔ በእጄ ይዤው ኖሬያለሁ ብዬ ደስ አለኝ። ደስታዬ ለእውቀቱ አልነበረም። ዓሪፍን የማሳፍርበት ነገር ስላገኘሁ ነበር።

ወሩ ሳይሞላ ካሳዬ ቁራጭ ብረት ረገጠ። ብረቱ ሸበጡን በስቶ ገብቷል፤ እሱ ግን ስላልተሰማው ደሙን ያየው ደብሪቱ ናት። ልጠይቀው ስሄድ «ጤና ጣቢያ ይየው፤ ካልሆነም ወልድያ እንሂድ። የስኳር ሰው እግር ቀልድ አይደለም ብለውናል» እያለች ትለምነዋለች።

«ለዚች ጭረት ስሰለፍ ልዋል?» አለ ካሳዬ። «መኪናው ተፈቶ ተቀምጧል እኮ።»

ይሄኔ ነው አፌን የከፈትኩት። «መድኃኒቱ እኔ ጋ አለ። ናጅዋ ያለችውን ሰምታችሁ የለ?»

ሄጄ ደረቁን የዳቦ እርሾ አመጣሁ። ለብ ባለ ውሃ በጠበጥኩት። እርሾ ያለ ስኳር ቶሎ አይነሳምና፣ እንደ ሥራዬ ልማድ አንድ ማንኪያ ስኳር ጨመርኩበት። ስኳር በሽታ ላለበት ሰው ቁስል በእጄ ስኳር በጠበጥኩለት። አረፋው ሲነሳ በጨርቅ አድርጌ ቁስሉ ላይ አሰርኩት።

ካሳዬ እያየው ሳቀ። «በእግሬ ዳቦ ልትጋግር ነው እንዴ? ሲበስል ለደብሪቱም አካፍላት።»

«ሌላው ያሹፍብኝ እንጂ አንተ አታሹፍ» አልኩት። «ሲፈላ አታይም? ቆሻሻውን እያወጣው ነው።»

በአራተኛው ቀን እግሩ አበጠ፤ ቀላ፤ አቃጠለ። ደብሪቱ ጮኸች። እኔ ደስ አለኝ። ወገኖቼ፣ ደስ አለኝ! «ጠባቂዎቹ ተሰበሰቡ ማለት ነው» አልኳት። «ልጅቷ ይሰበሰባሉ ብላለች።» እብጠቱ በጨመረ ቁጥር እርሾውን ጨመርኩ።

በሰባተኛው ቀን ቤቱ ሲገቡ የሚሸት ነገር መጣ። ደብሪቱ በር ላይ ጠበቀችኝ። ዓይኗ ቀልቷል።

«ጋሽ ጀብሪል፣ በአላህ ይሁንብዎት፤ ልጅቷ ጋ ይደውሉና ይጠይቋት። ይህን ብቻ ያድርጉልኝ።»

«ምን ብዬ?»

«እንዲህ ሆኗል፣ እንቀጥል ወይስ እንተው ብለው። ሌላ ምን አለው?»

ስልኬን አውጥቼ ወደ ጓሮ ዞርኩ። የናጅዋ ስም ላይ ጣቴን አስቀመጥኩ። ዓሪፍ አጠገቧ ሆኖ ሲስቅ ታየኝ። ያ ክፍል ሲስቅ ተሰማኝ። ስልኩን ሳልደውል ጆሮዬ ላይ ለጠፍኩና፣ ደብሪቱ በመስኮት ስታየኝ፣ ከንፈሬን አንቀሳቀስኩ። «እሺ… እሺ ልጄ… ወዐለይኩሙ ሰላም» አልኩ። ማንም በሌለበት።

ተመለስኩና «ቀጥሉበት ብላለች» አልኳት።

ደብሪቱ እጇን ወደ ሰማይ ዘርግታ አመሰገነች። ያ ምስጋናዋ እስከ ዛሬ አይለቀኝም።

በዘጠነኛው ቀን የካሳዬ ጣቶች ጠቆሩ። ትኩሳቱ ጨምሮ መዘባረቅ ጀመረ፤ እዚያ የሌለን ሹፌር «ፍሬን ያዝ! ያዝ!» እያለ ይጣራል። ደብሪቱ እኔን አልጠራችም። መንገድ ላይ ወጥታ ሚኒባስ ፊት ቆመች፤ አስቁማም ወልድያ ወሰደችው። ሐኪሙ ጨርቁን ሲፈታ «ምንድን ነው ያደረጋችሁበት?» ብሎ ጠየቀ አሉ። በማግስቱ የካሳዬ ቀኝ እግር ከጉልበቱ በታች ተቆረጠ።

ናጅዋ ሰምታ ሆስፒታል ስትመጣ እኔም እዚያው ነበርኩ። አልጋው አጠገብ ቆማ ሰላምታ ሳትጨርስ ደብሪቱ ተነሣችባት።

«አንቺ ነሽ ቀጥሉበት ያልሽው! ከእግሩ ሌላ ምን ልትወስጂ መጣሽ?»

«እኔ?» አለች ናጅዋ። «መቼ? ለማን?»

«ለአጎትሽ ነዋ! በስልክ!»

ናጅዋ ወደ እኔ ዞረች። እኔ ወለሉን አየሁ። «ማንም አልደወለልኝም» አለች ቀስ ብላ።

ደብሪቱም ወደ እኔ ዞረች፤ ያኔ በመስኮት ያየችኝ ትዝ እንዳላት ገባኝ።

ከዚያ ናጅዋ አረፋ ዕለት ያላስጨረስናትን ጨረሰች። «ያ ዱቄት መድኃኒት አይደለም። የምንጠቀምበት እብጠት ለመፍጠር ነው። አይጧ ታብጥና የትኛው ጠባቂ ቀድሞ እንደሚደርስ፣ እብጠቱ እንዴት እንደሚበርድ፣ ሳይበርድ ሲቀር ደግሞ ሥጋዋን እንዴት እንደሚጎዳ እናጠናለን። አንድ ቀን ለሰው የሚሆን መድኃኒት ይገኝበት ይሆናል፤ ገና ነው። የዳቦ እርሾ ደግሞ ያ ዱቄት እንኳን አይደለም። ይህን እግር የጎዳው ቁስሉ ውስጥ የገባው ጀርም ነው፤ በዘጠኙ ቀን ውስጥ ሐኪም ቢያየው ኖሮ…» አልጨረሰችውም።

«እብጠቱን ደግ ምልክት ነው ብዬ ነበር» አልኩ።

«አጎቴ፣ ምነው አንድ ጊዜ ቢጠይቁኝ?»

ካሳዬ እስከዚያ ድረስ ጣሪያውን ነበር የሚያየው። ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረና ተናገረ። ሠላሳ ዓመት አንተ ሲለኝ የኖረ ሰው «ይሂዱ፣ ጋሽ ጀብሪል» አለኝ። «ደክመዋል፤ ቤትዎ ይግቡ።»

ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

አሁን ጋራዡ ተዘግቷል። ካሳዬ በሩ ላይ ወንበር አውጥቶ ይቀመጣል። የድሮ ሹፌሮች ሲያልፉ ጡሩንባ ይነፉለታል፤ እሱም እጁን ያነሳል፤ ከዚያ ያልፋሉ። ሞተራቸውን ወልድያ ነው የሚያሳዩት።

ናጅዋ ዘንድሮ ለአረፋ ስትመጣ ይዣት ካሳዬ ቤት ሄድኩ። ደብሪቱም ነበረች። እነሱ እየሰሙኝ ጠየቅኋት። «ልጄ፣ ያኔ የነገርሽን አልገባኝም ነበር። ገብቶኛል ብዬ ዋሸሁሽ። ለደብሪቱም ደውያለሁ ብዬ ዋሸሁ። እንደገና ንገሪኝ።» ከመጀመሪያው ነገረችኝ። ሁለት ቦታ ላይ አቋረጥኳት፤ ሁለቱንም ደገመችልኝ። መጨረሻ ላይ «ሊጥ የሚነፋውስ ለምንድን ነው?» አልኳት።

አልሳቀችም። «እርሾዋ በዱቄቱ ውስጥ ያለውን ስኳር ትበላለች። ስትበላ አየር ታወጣለች። አየሩ ሊጡ ውስጥ ይታፈንና ያነሳዋል» አለች። «ጥሩ ጥያቄ ነው፣ አጎቴ። ጥፋቱ የእኔም ነው፤ ያን ዕለት ሳልጨርስ ልለቅዎት አይገባም ነበር።»

«የአንቺ አይደለም» አልኳት። ሕይወቴን ሙሉ ጥፋቱ የአስተማሪው፣ የአባቴ፣ የዓሪፍ ነው ስል ኖሬያለሁ። የበደሉኝ እነሱ ናቸው፤ እውነት ነው፣ ይቅርም አላልኳቸው። በባዶ ስልክ ያወራሁት ግን እኔ ነኝ።

አንባቢ ሆይ፣ የስኳር ሕመምተኛ ቤትህ ካለ እግሩን በየቀኑ እይለት፤ ቆስሎ ካየህ እርሾም ቅጠልም አትፈልግ፤ ሐኪም ጋ ውሰደው። ተምረሃል የሚባል ሰው ከሆንክ የምታውቀውን እስከ መጨረሻው ተናገር፣ ላልተማረው አትሳቅበት። እንደ እኔ ሲሳቅብህ የኖርክ ከሆንክ ደግሞ ቂምህን መያዝ ከፈለግህ ያዝ፤ ግን አልገባኝም ማለትን አትፍራ። እኔ ለፈራሁት ሳቅ ዋጋውን ካሳዬ በእግሩ ከፈለ።

በየጠዋቱ ከፉርኖ የወጣ ትኩስ ዳቦ ይዤ መንገዱን እሻገራለሁ። ካሳዬ ይቀበለኛል። «እግዜር ይስጥልኝ፣ ጋሽ ጀብሪል። ለምን ደከሙ?» ይለኛል። ዛሬም አንቱ ነኝ። ሊጡ የሚለውን ስም አርባ ዓመት ስጠላው ኖሬ፣ አሁን ምናልባት ይለኝ ይሆናል ብዬ ደጁ ላይ ትንሽ እቆማለሁ። አይለኝም።