ሰገን የተኛችበት ቀን

በ1999 ዓ.ም. ወረታ ውስጥ ከእኔ በላይ የሚሰማ ሰው አልነበረም። የርብ ወንዝ ጎርፍ የሩዝ ማሳዬን ቢምርልኝ ለቤተ ክርስቲያናችን ባለ አራት አፍ ድምፅ ማጉያ ተስዬ ነበርና ማረልኝ፤ ገዝቼ ሰቀልኩ። ድምፁ ጣናን ተሻግሮ የጎርጎራን ዓሣ አጥማጅ ይቀሰቅስ ነበር። ከቅዳሴ በኋላ ቀኑን ሙሉ መዝሙር የምከፍተውም እኔው ነኝ።

አንድ ረፋድ ዐይኗ ደም የመሰለ ሴት የቤተ ክርስቲያኑ በር ላይ ጠበቀችኝ። ሰገን ትባላለች፤ ከኮንሶ የመጣች አዋላጅ ነርስ ናት። ከቤተ ክርስቲያኑ አጥር ሥር ያለውን የእታለም አገኘሁሽን ቤት ተከራይታለች።

«ድምፅ ማጉያው የእርስዎ ነው?»

«የእኔ ነው» አልኳት ደረቴን ነፍቼ።

«እኔ ሌሊት ሌሊት አዋልዳለሁ፤ የምተኛው ቀን ነው። ቅዳሴው አይከብደኝም፣ እኔም አስቀድሳለሁ። ከዚያ በኋላ ያለው ግን... እባክዎ ይቀንሱልኝ።»

የሰማሁት «እባክዎ»ን ብቻ ነው። ፎገራ ሜዳ ላይ እንደኔ የወደደ ወንድ አልተፈጠረም።

አልቀነስኩም። ጠርቶ ስላልተሰማት ነው፣ ቢጠራላት ትወደዋለች ብዬ አንዱን አፍ ወደ መስኮቷ አዞርኩት። በራሴ ድምፅ የቀዳሁትንም ጨመርኩላት። ሳምንት ሙሉ።

እታለም አገኘሁሽ ገበያ ላይ ያዘችኝ።

«አንተ አንለይ፣ ምን በድላህ ነው?»

«ማን?»

«ሰገን ናት እንጂ። አቤት ስላለችህ ቂም ያዘብኝ ትላለች። ትናንት እያዋለደች ከእንቅልፍ ማጣት ልትወድቅ ነበር። ዝውውር ጠይቃ ተፈቀደላት፤ ማክሰኞ ትሄዳለች።»

እኔ፣ ወይፈን በቀንዱ ይዤ የማቆመው ሰውዬ፣ የሰው ሽንኩርት ጆንያ ላይ ተዘረገፍኩ።

የደብራችን አስተዳዳሪ አባ ገብረማርያም ዘንድ ሮጥኩ።

«አባ፣ ድምፅ ማጉያው ይውረድልኝ።»

«ስለት ተመልሶ አይወሰድም፣ ልጄ።»

«እንግዲያው መሞቴ ነው።»

«አትሞትም። አፉን ወደ ግቢው አዙረው፤ ለቅዳሴና ለንግሥ ብቻ ይከፈት። ጎረቤቱ ሁሉ አንተን አፍሮ ነው ዝም ያለው፤ ሕመምተኛ ያለበት ቤትም አለ። እኔም አፍሬህ ነበር፤ ይቅር በለኝ።»

ያን ቀን ያፈርኩት ማፈር የጉናን ተራራ ያጎብጣል።

ሰኞ አራቱንም አዞርኩ። ማክሰኞ ሰገን ከሥራ ገብታ ሻንጣዋን ሸከፈችና ጥቂት ጋደም ልበል ብላ ተኛች። ሦስት ሰዓት ላይ የሚወስዳት መኪና መጣ። ሹፌሩ ጡሩንባውን ሊነፋ ሲል እጁን ያዝኩት።

ዝም ብል ትቀርልኛለች። ግን በእንቅልፏ ላይ ዳግመኛ እኔ ልወስን? በሯን አንኳኳሁ።

«ማነው?»

«አንለይ ነኝ... መኪናሽ ሊሄድ ነው።»

ወደ በሩ መጣች፤ እርምጃዋ ከዕድሜዬ ረዘመብኝ።

«ዛሬ ለምን ጸጥ አለ?»

«ወደ ግቢው አዞርኩት። ብትሄጂም እንደዚያው ነው የሚሆን። ወደ አንቺ ያዞርኩት በቂም አልነበረም... ድምፄን ሰምተሽ የምትወጂኝ መስሎኝ ነው።»

«በዚያ ድምፅ?» ሳቅ ይሁን ልቅሶ አልለየሁም።

«በዚያ ድምፅ።»

«ሹፌሩን ይሂድ ይበሉት... እንቅልፌን አልጨረስኩም።»

እስከ ዘጠኝ ሰዓት ተኛች፤ እኔ ደጃፏ ላይ ተቀምጬ አላፊ አግዳሚውን በሹክሹክታ አሳለፍኩ። ዝውውሩን ተወችው። በጥር ተጋባን። ዛሬም እሷ ተረኛ ሆና ባደረች ቁጥር፣ ቀን በደጃችን የሚያስነጥስ ሰው በመላው ወረታ የለም።